ወረፋ የበላው ጊዜያችን

እናንተ በሥራና በቤት መካከል ስትሯሯጡ ቀኑ የሚመሽባችሁ እናቶች፣ ዛሬ የማጫውታችሁ ስለ ወረፋ ነው። ወረፋ ለማናችንም እንግዳ አይደለም። ለዳቦ ተሰልፈናል፤ ለስኳርና ለዘይት ተሰልፈናል፤ የታመመ ልጅ አዝለን ከሐኪም ቤት ደጃፍ ተራ ጠብቀናል። እኔም ሮቤ ከተማ በመንግሥት ሥራ ላይ ሆኜ ሦስት ልጆች ሳሳድግ፣ ከዕድሜዬ ስንቱን በሰልፍ እንዳሳለፍኩት ቆጥሬው አላውቅም ነበር። ያስቆጠረችኝ ሁለተኛዋ ልጄ ናት። ያስቆጠረችኝም በሮም ከተማ፣ ያውም ሥዕል ልታሳየኝ በወሰደችኝ ዕለት ነው።

ልጄ ሮም ከገባች ዘጠኝ ዓመት ሆኗታል። ሥራዋ አንዲት ዕድሜያቸው የገፋ ባልቴት፣ ከቤታቸው እያደረች መንከባከብ ነው። ታጥባቸዋለች፤ ታበላቸዋለች፤ መድኃኒታቸውን በሰዓቱ ትሰጣቸዋለች። ባለፈው ዓመት ግንቦት ላይ ቪዛውም የአውሮፕላኑ ገንዘብም ተሟልቶልኝ ልጠይቃት ሄድኩ። ያረፍኩት አንዲት ያገራችን ልጅ ዘንድ ነበር፤ ልጄ የምታድረው በሰው ቤት ነውና። ስለዚህ እንደልባችን የምንገናኘው በዕረፍቷ ቀን ብቻ ሆነ።

በጣሊያን አገር ከአሠሪዎቿ ጋር የምታድር የቤት ሠራተኛ በሥራ ውሉ መሠረት በሳምንት 36 ሰዓት ዕረፍት አላት። 24ቱ ሰዓት እሑድ ሲሆን፣ የቀረው 12 ሰዓት በስምምነት በሌላ ቀን ይሰጣል። ይህም በቆየ ልማድ ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ነው። ሐሙስ ከሰዓት በሮም አደባባዮች ብትዘዋወሩ የየአገሩን ሴቶች በየወንበሩ ተቀምጠው ሲጫወቱ ታያላችሁ። ከመካከላቸው አማርኛም ኦሮምኛም ትግርኛም ይሰማል። ሳምንቱን ሙሉ የሰው እናት ሲያስታምሙ ከርመው፣ በዚያች ግማሽ ቀን ለገዛ እናታቸው ስልክ ይደውላሉ።

ታዲያ ልጄ አንድ ሐሙስ፣ «እማዬ፣ ዛሬ የማይረሳሽን ነገር አሳይሻለሁ» አለችኝና ወደ ቫቲካን ቤተ መዘክር ወሰደችኝ። ይህ ቤተ መዘክር በዓለም ስማቸው ከገነነ የሥነ ጥበብ ማኅደሮች አንዱ ነው። አጀማመሩ እ.ኤ.አ. በ1506 ዓ.ም. ሮም ውስጥ ከአንድ የወይን ቦታ ተቆፍሮ ከወጣ የእብነ በረድ ሐውልት ጋር የተያያዘ ነው። ዛሬ በዓመት ከስድስት ሚሊዮን የሚበልጥ ሰው ይጎበኘዋል። ይህን ያህል ሕዝብ በአንድ በር ሲገባ ሰልፉ ምን እንደሚመስል እናንተው ገምቱት። ረጅሙን የቫቲካን ግንብ ተከትሎ፣ ጥጉን ታጥፎ፣ ከዓይን ይሰወራል።

እኔም እንደ ልማዴ፣ «በይ ኋላው የት ነው? እንሰለፍ» ብዬ ነጠላዬን አጣፋሁ። ልጄ ግን እጄን ይዛ በሰልፉ አጠገብ እየመራች፣ በሌላ በኩል ወዳለ በር አደረሰችኝ። እዚያ አንዲት ሴት ትንሽ ባንዲራ ከፍ አድርጋ ትጠብቃለች። አስጎብኚያችን ኖራለች። ሃያ ያህል ሆነን ስንሰበሰብ፣ በፀሐይ የቆመውን ሕዝብ በቀኛችን ትተን ወደ ውስጥ ገባን።

እውነቱን ልንገራችሁ፤ አፈርኩ። በሰው ተራ መግባት ነውር ነው ተብዬ ያደግሁ ሰው ነኝ። በሰልፉ ውስጥ ልጅ ያቀፈች አንዲት ወጣት እናት አየሁና ዓይኔን ከዓይኗ አሸሸሁ። ልጄ ሁኔታዬ ገብቷት፣ ይህ እንደ እኛ ሰፈር የሰው ተራ መቀማት እንዳይደለ አስረዳችኝ። ሰው ሁሉ በአንድ ጊዜ እንዳይጨናነቅ መግቢያው በሰዓት ተከፋፍሏል፤ አስቀድሞ ሰዓት ያስያዘ በዚያች ሰዓት በሌላ መስመር ይገባል። ገንዘብ የሚያሳልፈውም የትኬቱን ሰልፍ ብቻ ነው። ከፍተሻው ስንደርስ ያስያዘውም ያላስያዘውም ቦርሳውን አውርዶ በእኩል ያልፋል። ይህን ስሰማ ልቤ ትንሽ ተመለሰ።

ቀጥዬ ግን ሌላ ጥያቄ መጣብኝ። «ስንት ከፈልሽ?» አልኳት። ልትነግረኝ አልፈለገችም። እ.ኤ.አ. በ2025 ዓ.ም. መደበኛው መግቢያ 20 ዩሮ ሲሆን፣ ሰዓት ለማስያዝ 5 ዩሮ ይታከልበታል። አስጎብኚ ሲኖርበት ደግሞ ከዚህ በብዙ ይበልጣል። ለሁለታችን የከፈለችውን ከስልኳ ላይ ሰርቄ አየሁ። ዩሮውን ወደ ብር፣ ብሩን ወደ ኩንታል ስንዴ እየመነዘርኩ ሳሰላ ሆዴ ተላወሰ። የባሌ ሰው አይደለሁ? የምመነዝረው በስንዴ ነው። «አንቺ ልጅ፣ ይህን ሁሉ ሥዕል ለማየት? ብንሰለፍ ምን ነበረበት? እኔ እንደሆንኩ ሰልፍ ለምጃለሁ» ብዬ ተቆጣሁ።

ልጄም ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ እንዲህ አለችኝ። «እማዬ፣ አትቆጪ። እሑድ እንዳላመጣሽ ቤተ መዘክሩ እሑድ ዝግ ነው። የሚከፈተው በወሩ የመጨረሻ እሑድ ለግማሽ ቀን ብቻ ነው። ያን ቀን መግቢያው ነጻ ስለሆነ ሰልፉ ከዚህም ይብሳል። ዛሬ ሁለት ሦስት ሰዓት ብንቆም ደግሞ የዕረፍት ቀኔ እዚሁ ግንብ ሥር ያልቃል። አንቺ በሁለት ሳምንት ውስጥ ትሄጃለሽ። እኔ የገዛሁት ካንቺ ጋር የምሆንበትን ሰዓት ነው።»

ምን እመልሳለሁ? ዝም አልኩ።

አስጎብኚዋ ለየአንዳንዳችን ጆሮ ላይ የሚሰካ ማዳመጫ አደለችን። እሷ በእንግሊዝኛ በዝግታ ትናገራለች፤ ልጄ በሌላው ጆሮዬ ወደ አማርኛ ትመልስልኛለች። በመጀመሪያ የወሰደችን ከነሐስ የተሠራ ትልቅ የጥድ ፍሬ ቅርጽ ወደቆመበት ግቢ ነው። እዚያ የሲስቲን ጸሎት ቤት ሥዕሎች የታተሙባቸው ሰሌዳዎች ተተክለዋል። አስጎብኚዎች ሁሉ ሥዕሉን የሚያስረዱት ከእነዚህ ሰሌዳዎች ፊት ነው፤ በጸሎት ቤቱ ውስጥ መነጋገር ክልክል ነውና። ነገሩ መልካም ዘዴ ሆኖ አገኘሁት። ሰው በመጀመሪያ የሚያየውን ተረድቶ ይገባል፤ ከገባ በኋላ ዝም ብሎ ያያል።

አስረጅዋ እንደነገረችን፣ ሚኬላንጄሎ የጸሎት ቤቱን ጣሪያ እ.ኤ.አ. ከ1508 እስከ 1512 ዓ.ም. ሣለው። ራሱን ይቆጥር የነበረው እንደ ሠዓሊ ሳይሆን እንደ ቅርጻ ቅርጽ ሠራተኛ ነበር። ተኝቶ ሣለው የሚባለውም ስሕተት ነው፤ በእንጨት ርብራብ ላይ ቆሞ፣ አንገቱን ወደ ላይ ቀልሶ ነው የሠራው። ቀለሙ የሚቀባው ምርጊቱ እርጥብ ሳለ ነው። ስለዚህ በየዕለቱ በዚያች ቀን የሚሣለው ብቻ ይመረጋል፤ ሳይደርቅ መጨረስ ግዴታ ነው። ከደረቀ ቀለሙ ከግድግዳው ጋር አይዋሐድም። ይህን ስሰማ ሳቄ መጣ። በጭቃ ቤት ላደገች ሴት ይህ የሚገባ ነገር ነው። ግድግዳ መርገን፣ ሳይደርቅ በመዳፋችን ያለሰለስን ሁሉ፣ ያ ሰው በየማለዳው ምን ዓይነት ጥድፊያ ይይዘው እንደነበር እናውቀዋለን።

ሌላም የተረዳሁት ነገር አለ። ሥዕሉ በብዙ መቶ ዓመታት የሻማ ጢስና አቧራ ጠቁሮ ኖሮ፣ እ.ኤ.አ. ከ1980 እስከ 1994 ዓ.ም. በባለሙያዎች እጅ ጥቂት በጥቂት ጸዳ። ጥላሸቱ ሲነሳ ማንም ያልጠበቀው ደማቅ አረንጓዴ፣ ቢጫና ሐምራዊ ወጣ። ያለ አስጎብኚ ገብቼ ቢሆን ኖሮ ቀለሙን እንዲያው አይቼ አልፈው ነበር።

በረጅም መተላለፊያ፣ የጣሊያን አገር ካርታዎች በግራና በቀኝ በተሣሉበት አዳራሽ በኩል አልፈን ደረስን። ወደ ጸሎት ቤቱ ሲገባ ትከሻና ጉልበት መሸፈን አለበት። አንዳንዶች በር ላይ መሸፈኛ ሲፈልጉ እኔ በነጠላዬ ኮርቼ ገባሁ። ቤቱ ወደ 40 ሜትር ይረዝማል፤ ጣሪያው 20 ሜትር ያህል ከፍ ይላል። በመካከሉ ከፍጥረት እስከ ኖኅ ያለው ታሪክ በዘጠኝ ክፍል ተሥሏል። ታሪኩን ከልጅነቴ ጀምሮ አውቀዋለሁ። አዳም ወደ ፈጣሪው እጁን ሲዘረጋ፣ ጣቶቻቸው ሊነካኩ ጥቂት ሲቀራቸው አየሁ። ልጄ ክንዴን ይዛ ራሷን ትከሻዬ ላይ አሳረፈች። መናገር ክልክል ነው፤ ፎቶግራፍ ማንሳትም ክልክል ነው። ስለዚህ ሁለታችንም ሌላ ሥራ አልነበረንም፤ እናያለን፣ እንተነፍሳለን። ምናልባት ሩብ ሰዓት ቢሆን ነው። ለእኔ ግን ረጅም ነበር።

ወጥተን በቅዱስ ጴጥሮስ አደባባይ ስንቀመጥ ልጄ በተራዋ አስጎብኚ ሆነች። «ከዚህ ትልቅ ቤተ ክርስቲያን ጀርባ የኢትዮጵያውያን የነበረ የቅዱስ እስጢፋኖስ ቤተ ክርስቲያን አለ» አለችኝ። በቀድሞ ዘመን ከአገራችን የሄዱ መነኮሳት ያርፉበት ነበር። በእነርሱ ረዳትነት እ.ኤ.አ. በ1513 ዓ.ም. መዝሙረ ዳዊት በግዕዝ ሮም ላይ ታተመ። በፊደላችን የታተመ የመጀመሪያው መጽሐፍ ይህ ነው። የጣሪያው ሥዕል ከተጠናቀቀ ገና አንድ ዓመቱ ነበር። አስጎብኚያችን ይህን አላነሳችም። ከሃያ ሰው መካከል እኔ ከየት እንደመጣሁ በምን ታውቃለች? አስጎብኚ የሁሉን ሰው መንገድ ያሳያል፤ የራስን የሚነግር ግን የራስ ሰው ነው።

በልጄ ዕውቀት ኮርቼ ሳላበቃ፣ እሷ መሬት መሬቱን እያየች አንድ ነገር ተናገረች። «እማዬ፣ እኔና አንቺ አብረን ቆመን አንድ ነገር ስናይ ይህ የመጀመሪያችን ነው፤ ታውቂያለሽ?»

ልከራከራት አፌን ከፈትኩ። ጥምቀት? ጥምቀት ላይ እኔ ከድግሱ ጓዳ ነበርኩ። የትምህርት ቤት በዓል? ያን ጊዜ ሥራ ላይ ነበርኩ። እሷ ቀጠለች። «ወደ ሻሸመኔ ስንሄድ ዲንሾ አጠገብ በአውቶቡስ መስኮት አጋዘኖቹን አይቼ 'እንውረድ' ስልሽ፣ 'ሌላ ጊዜ እወስድሻለሁ' ትዪኝ ነበር። አንድ ቀን ልንሄድ ተነሳን። ያን ቀን ስኳር መጣ ተባለና ስትሰለፊ ዋልሽ። እኔ ጫማዬን አድርጌ በር ላይ ተቀምጬ ጠበቅሁሽ።»

ውድ አንባቢያን፣ ልጄ ይህን ያለችው በወቀሳ አልነበረም፤ እንዲያውም ፈገግ ብላ ነው። እኔ ግን ያቺን ቀን ፈጽሞ አላስታውሳትም ነበር። ስኳሩን አስታውሳለሁ፤ ማግኘቴንም አስታውሳለሁ። በር ላይ የተቀመጠችውን ልጅ ግን አላስታውስም። ወረፋ ከእኔ የወሰደው የእኔን ጊዜ ብቻ ይመስለኝ ነበር። ለካ የእሷንም ጭምር ኖሯል። ዛሬ እሷ የደከመችበትን ገንዘብ አውጥታ መልሳ ከወረፋ እጅ ስትገዛው፣ እኔ «ስንት ከፈልሽ?» ብዬ ተቆጥቻታለሁ።

ሮቤ ከተመለስኩ በኋላ ነገሩ ዕረፍት ነሳኝ። ክረምቱ አልፎ መንገዱ ሲደርቅ፣ በኅዳር አንድ ቅዳሜ ማለዳ የመጀመሪያ ልጄን ሴት ልጅ፣ የዘጠኝ ዓመቷን፣ እንዲሁም ሁለት የጎረቤት ልጆች ይዤ ሚኒባስ ተሳፈርኩ። ዲንሾ ከሮቤ 30 ኪሎ ሜትር ያህል ቢርቅ ነው። ዕድሜ ልኬን ያለፍኩበትን ቦታ ለመጀመሪያ ጊዜ ወርጄ አየሁት።

በር ላይ ሰልፍ አልነበረም። አንድም ሰው አልነበረም ብል ይቀለኛል። ትኬት የሚቆርጠው ሰው፣ አስጎብኚ የሆነ አንድ የአካባቢው ወጣት፣ እኛም አራታችን፤ በቃ። በሮም ሕዝብ አስጎብኚን ይጠብቃል፤ በዲንሾ ግን አስጎብኚው እኛን ይጠብቃል። ስንት ዓመት ጠበቀን?

የባሌ ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ የተቋቋመው በ1962 ዓ.ም. ሲሆን፣ በመስከረም 2016 ዓ.ም. በዩኔስኮ የዓለም ቅርስ መዝገብ ላይ ሰፍሯል። በጽሕፈት ቤቱ ግቢ ያለው ቤተ መዘክር ትንሽ ነው። የእንስሳት ቀንድና አጥንት፣ በውስጣቸው ተሞልተው የቆሙ አራዊት ይታዩበታል። ወጣቱ ልጆቹን ሰብስቦ፣ የደጋ አጋዘን ከኢትዮጵያ በቀር በዓለም ላይ እንደሌለ፣ ቀንድ ያለውም ወንዱ ብቻ እንደሆነ ነገራቸው። ከዚያ ከቤቱ ወጥተን ጥቂት እንደተራመድን፣ በጥዱ ሥር አጋዘኖች ቆመው አገኘን። ልጆቹ ትንፋሻቸውን ዋጡ። የልጅ ልጄ ቀስ ብላ፣ «አያቴ፣ ይህችኛዋ ቀንድ የላትም፤ ሴት ናት» አለችኝ። በመጀመሪያ ተረድቶ፣ ከዚያ ዝም ብሎ ማየት ማለት ይህ ነው።

ወጣቱ ስለ ቀይ ቀበሮም አጫወተን። በዓለም ላይ ከ500 የማይበልጡ አዋቂ ቀይ ቀበሮዎች እንደቀሩ፣ ከግማሽ በላዩም በእኛው በባሌ እንደሚኖሩ ነገረን። በአንድ መንጋ ውስጥ ዘወትር የምትወልደው አንዲት እናት ናት። ቡችሎቹን የሚያሳድጓቸው ግን ሁሉም ናቸው፤ አንዱ ይጠብቃል፣ ሌላው አይጥና ፍልፈል አድኖ ያመጣል፤ አንዳንድ ጊዜ ሌላዋ ሴት ታጠባቸዋለች። ይህን ስሰማ ጎረቤቶቼ ትዝ አሉኝ። «ወረፋ ያዢልኝ» ተባብለን ስንት ዓመት ኖረናል! ዘንቢላችንን በሰልፍ አስቀምጠን የምንተማመን ሴቶች፣ ልጆቻችንን ወስዶ ለማሳየት ግን ተራ አልተያያዝንም።

እንግዲህ እናንተ እናቶች፣ ከዚህ ሁሉ የማካፍላችሁ ጥቂት ነገር አለኝ። ወረፋን በገንዘብ ማለፍ ለብዙዎቻችን አይቻለንም፤ በመተባበር ግን ልናልፈው እንችላለን። ሦስት አራት ጎረቤታሞች ተስማምታችሁ፣ በወር አንድ ቅዳሜ አንዷ የሌሎቹን አስቤዛና ወረፋ ትያዝ፤ ሌላዋ ልጆቹን ሁሉ ይዛ ትሂድ። በሚቀጥለው ወር ተለዋወጡ። ልጆቹ ከሁላችሁም ጋር እንዲያዩ፣ እናንተም ከየልጆቻችሁ ጋር እንድታዩ።

የምትሄዱበት ቦታ ሩቅ መሆን የለበትም። ጎባ ላላችሁ የሳነቴ መንገድ ከደጃችሁ ይነሳል፤ 4,377 ሜትር ከፍታ ያለውን ቱሉ ዲምቱን ያሳያችኋል። ጋቢ አትርሱ እንጂ። አዲስ አበባ ያላችሁ፣ አምስት ኪሎ በሚገኘው ብሔራዊ ሙዚየም በኅዳር 1967 ዓ.ም. ሐዳር ላይ የተገኘችውን የድንቅነሽን ታሪክ ለልጆቻችሁ አሳዩ። ከመሄዳችሁ በፊት አብሉዋቸው፤ የራበው ልጅ ምንም አያይም። አስጎብኚ ካለ ጠይቁ፤ አትፈሩ፤ ሥራው ነውና ደስ ይለዋል። ሁሉን ካላየን ብላችሁም አታድክሟቸው፤ ሦስት ነገር በደንብ አይተው ቢመለሱ ይበቃል።

በዚያው ሐሙስ ከሰዓት፣ ልጄ ከሮም በምትደውልበት ሰዓት፣ ስልኩን ለልጅ ልጄ ሰጠኋት። ስለ አጋዘኑም ስለ ቀይ ቀበሮውም አንድ በአንድ ነገረቻት። ልጄ ዝም ብላ አዳመጠችና በመጨረሻ እኔን አስጠራችኝ። «እማዬ፣ ሄድሽ?» አለችኝ። «ሄድኩ» አልኳት። «በሚቀጥለው ዓመት ዕረፍት ሳገኝ እመጣለሁ፤ እኔንም ውሰጂኝ» አለችኝ።

ጫማዋን አድርጋ በር ላይ እንድትጠብቀኝ ነገርኳት። ስኳር መጣ ቢባልም እንደማልቀር ነገርኳት።